ፊልም ተከራይቼ ልብስ አየሁ፦ የሳንዲ ፓወል ሥራ በአንዲት ልብስ አስተካካይ ዓይን

የምሠራው ለንደን ውስጥ ልብስ ማስተካከያ ሱቅ ነው። ሱሪ አሳጥራለሁ፣ ዚፕ እቀይራለሁ፣ የሠርግ ሰሞን ደግሞ ቬሎ አጠባለሁ ወይ አሰፋለሁ። ከዚህ የተነሳ ፊልም ሳይ ታሪኩ ያመልጠኛል። ሰው ሲሳሳም እኔ የማየው እጅጌው ትከሻው ላይ እንዴት እንደተገጠመ ነው። ባለፈው ወር ሁለት ቀን እረፍት አገኘሁና ከአንድ የፊልም ማከራያ አፕ አምስት ፊልም ተከራየሁ። የአምስቱንም ልብስ ያዘጋጀችው አንዲት እንግሊዛዊት ናት፣ ሳንዲ ፓወል። ወደ 18 ፓውንድ ወጣብኝ። ለ18 ፓውንድ ምን አገኘሁ? እሱን ልንገራችሁ። ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ሴትዮዋን ለማታውቋት ባጭሩ። በ1960 ለንደን ተወለደች። መስፋት ያስተማረቻት እናቷ ናት። ኮሌጅ ገብታ ነበር፣ ግን ሳትጨርስ ወጣች፤ ሊንዚ ኬምፕ ከሚባል ዳንሰኛ ጋር ለመድረክ ልብስ መሥራት ይሻለኛል ብላ። ከዚያ ዴሬክ ጃርማንን አገኘች። እሱም በ1986 በወጣው ካራቫጆ በተባለው ፊልሙ ወደ ሲኒማ አስገባት። ዛሬ ሦስት ኦስካር አላት። የታጨችው 15 ጊዜ ነው። በ2023 የእንግሊዝ የፊልም ሽልማት ሰጪው ተቋም ባፍታ ትልቁን ክብሩን፣ ፌሎሺፑን፣ ሰጣት፤ ከልብስ ባለሙያዎች ያንን ያገኘች የመጀመሪያዋ እሷ ናት። የሚያስቀኝ ደግሞ ሦስት ጊዜ በአንድ ዓመት በሁለት ፊልም ታጭታ ከራሷ ጋር መወዳደሯ ነው። አንዴ አሸነፈች፣ ሁለቴ ሌላ ሰው ወሰደው። የ2019ኙን የወሰደችው ብላክ ፓንተርን የሠራችው ሩት ካርተር ናት፣ እዚያ ላይ እኔም ክርክር የለኝም።

በኦርላንዶ ጀመርኩ፣ የ1992 ፊልም ነው። አንድ ሰው 400 ዓመት ይኖራል፣ መሃል ላይ ሴት ይሆናል። ታሪኩን አትጠይቁኝ። ግን አንድ ቦታ አለ፤ ቲልዳ ስዊንተን በሩን የማያሳልፍ ሰፊ ቀሚስ ለብሳ በተክል አጥር በተሠራ ጠመዝማዛ መንገድ መሃል መሮጥ ትጀምራለች፣ መታጠፊያዎቹን እያለፈች ትሮጣለች፣ ስትወጣ የለበሰችው የሌላ ዘመን ልብስ ነው። ማንም "ይህን ያህል ዓመት አለፈ" አይልም። ልብሱ ይናገራል። ያንን ቦታ አራት ጊዜ መለስኩት። የፓወል የመጀመሪያ የኦስካር እጩነት በዚህ ፊልም መሆኑ አይገርምም።

ሼክስፒር ኢን ላቭን ቶሎ ልለፈው። የ1998 ነው፣ የመጀመሪያ ኦስካሯን ያመጣላት። ጥሩ ነው፣ ያምራል፣ የንግሥቷ ልብስ ሴትዮዋን ገና አፏን ሳትከፍት ንግሥት ያደርጋታል። ግን ከሳምንት በኋላ ዓይኔ ላይ የቀረ ነገር የለም።

ዘ ያንግ ቪክቶሪያ ይበልጣል። እኛ ሐበሾች ቪክቶሪያን የምናውቃት ከመቅደላ በኋላ ነው። ልዑል ዓለማየሁን ተቀብላ ያነጋገረች፣ ጥቁር የለበሰች ባልቴት። እዚህ ግን ገና ልጅ ናት፣ ታፈቅራለች፣ ትኮሳተራለች። መጀመሪያ ላይ ከበደኝ፣ በኋላ ለመድኩት። ፓወል ለዚህ ሥራ የቪክቶሪያን እውነተኛ ልብሶች በቅርብ የማየት ዕድል አግኝታለች፣ ቀሚሶቹ የት እንዳበቁ ስታይ ሴትዮዋ ምን ያህል አጭር እንደነበረች ገብቷታል። ይሄን ሳነብ ብቻዬን ሳቅኩ፤ ከደንበኛ ይልቅ የደንበኛ ልብስ እውነት ይናገራል፣ ይሄን የትኛዋም ልብስ ሰፊ ታውቃለች። ሠርጉ ጋ ስትደርሱ ደግሞ ቀስ ብላችሁ እዩት። ቪክቶሪያ በ1840 ነጭ ለብሳ ካገባች በኋላ ነው ነጭ ቬሎ ፋሽን የሆነው። የሠርግ ሰሞን እኔ ጀርባዬ እስኪቆረጥ የማጠብበው ቬሎ ሁሉ ከዚያ የመጣ ነው እንግዲህ። ለዚህ ፊልም ሦስተኛ ኦስካሯን ስትቀበል ያለችው ነገር ይበልጥ ደስ አለኝ፤ እነዚህን ሁለት አለኝ አለች፣ ከዚያም ሽልማቱን ስለ ሞቱ ነገሥታትና ስለሚያብረቀርቅ ሙዚቃዊ ፊልም ላልሠሩ፣ በትንሽ በጀት የዛሬን ሰው ለሚያለብሱ የሙያ ጓደኞቿ አደረገችው። አንዳንዱ ሰው ኮራች ብሎ ተናዶ ነበር። እኔ የሰማሁት የሠራተኛ ንግግር ነው።

ሲንደሬላ፣ 2015። ይሄን የተከራየሁት ለሰማያዊው ቀሚስ ብቻ ነው። ደንበኛ ሁሉ ፎቶውን በስልክ ይዞ ይመጣል፣ "እንደዚህ አርጊልኝ" ይላል። የኔ እመቤት፣ ያ ቀሚስ ከደርዘን በላይ ስስ ጨርቅ ተደራርቦበት ነው፣ ውስጡ ኮርሴት፣ ማለትም ወገብ የሚያጠብቅ የውስጥ ልብስ፣ አለ፣ ላዩ ላይ ከ10,000 በላይ ክሪስታል አለ፣ ደግሞም አንድ ቀሚስ አይደለም፣ ለቀረጻው ዘጠኝ ተሠርቷል። በ80 ፓውንድ አይሆንም። ግን ክሪስታሉን እርሱት። ብልሃቱ ያለው ድርብርቡ ላይ ነው። ጨርቆቹ ሁሉ አንድ ዓይነት ሰማያዊ አይደሉም፤ ፈዛዛ ሰማያዊ አለ፣ ወይን ጠጅ የሚመስል አለ፣ ወደ አረንጓዴ የሚያደላ አለ፣ ልጅቷ ስትዞር አንዱ በአንዱ ውስጥ ያልፍና ውሃ ይመስላል። ቆማ ስትታይ ተራ ሰማያዊ ነው። ስለዚህ በፎቶ አይገለበጥም።

ያኔ ደግሞ ወገቧን በኮምፒውተር አቅጥነውታል የሚል ትልቅ ጭቅጭቅ ተነስቶ ነበር። ዳይሬክተሩ አላቀጠንም አለ። እኔ አምነዋለሁ። ትከሻው ላይ ሰፋ ያለ ነገር አድርጉ፣ ከወገብ በታች ድንኳን የሚያህል ጉርድ አድርጉ፣ የማንም ወገብ ይቀጥናል። በኮምፒውተር የተሠራውስ ጫማው ነው። እውነተኛው ክሪስታል ስለሆነ አይለበስም፣ ተዋናይዋ በሌላ ጫማ ሄዳ በኋላ ነው የተተካው።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። ዘ ፌቨሪት፣ 2018። ከአምስቱ አንድ ብቻ የምታዩ ከሆነ ይሄን እዩ። የንግሥት አን ቤተ መንግሥት ነው፣ የ1700ዎቹ መጀመሪያ። ፓወል ገንዘብም ጊዜም ብዙ አልነበራትም። ምን አደረገች? የወጥ ቤት ሠራተኞቹን ልብስ ከሰልባጅ ጂንስ ሠራች። አዎ፣ ጂንስ! ያገለገሉ ሱሪዎች አስገዝታ፣ አስፈትታ፣ ቀሚስና ኮርሴት አሰፋቻቸው። የሴት ወይዛዝርቱ ዳንቴል የሚመስለው ነገር በሌዘር የተቆረጠ ነው፣ በእጅ የተሠራ ዳንቴል አይደለም። ንግሥቲቱ ታማ ክፍሏ ውስጥ የምትንጎራደድበት ካባ ደግሞ ኢቤይ ላይ ከተገዛ የአልጋ ልብስ የተሰፋ ነው። ቀለሙን ወደ ጥቁርና ነጭ ሰብስባዋለች፣ ስለዚህ የጨርቁ ርካሽነት ሳይሆን የቅርጹ ጥራት ነው ዓይን ውስጥ የሚገባው። የዘመኑን አሰፋፍ ጠብቃ ጨርቁን ከፈለገችበት አመጣችው። ሐር የሚያስፈልገው ካሜራው የሚጠጋው ቦታ ላይ ነው፣ ሌላው ቦታ ቅርጹ ልክ ከሆነ ጂንስም ይበቃል። ይሄን ሒሳብ የሚችል ሰው ብዙ አላየሁም። ገንዘብ ሲኖር ሁሉም ያለብሳል።

በማከራያው አፕ ላይ ያለኝ ቅሬታም እዚሁ ላይ ነው። ፊልሙ በአብዛኛው በተፈጥሮ ብርሃንና በሻማ የተቀረጸ ነው። የተከራየሁበት አፕ ላይ ጨለማ ቦታ ሁሉ ወደ ጥቁር ኩሬ ይለወጣል። ጥቁር ቀሚስ የለበሰች ሴት በኮሪደር ስትሄድ ፊቷ ብቻ ይንሳፈፋል። ስፌት ላይ ልጠጋ ብዬ ሳቆመው ምስሉ ይበታተናል። መጀመሪያ ኢንተርኔቴ መሰለኝ፣ ደወልኩ፣ ጽሑፍ ላኩ፣ "አፑን አጥፍተሽ አብሪው" የሚል መልስ መጣ። ላዩ ላይ ደግሞ አንዴ ከጀመርሽው በ48 ሰዓት ይዘጋል። ሥራ ያለው ሰው አምስት ፊልም በሁለት ቀን? ሲንደሬላ ሊያልቅ ሃያ ደቂቃ ሲቀረው ተዘጋብኝ። በስልክ ለማየት የምታስቡ ከሆነ ደግሞ ገንዘባችሁን አታውጡ፣ ቀሚስ በመዳፍ ስፋት አይታይም።

መፍትሔው ዲስክ ነው። የዘ ፌቨሪትን ዲስክ ከሰፈሬ ያገለገለ ዕቃ መሸጫ በ1 ፓውንድ አገኘሁት። ያ ጥቁር ኩሬ ውስጥ ለካ እጥፋት ነበር፣ ቁልፍ ነበር፣ ጥቁር በጥቁር የተሠራ ሥራ ነበር። 18 ፓውንድ አውጥቼ ያላየሁትን በአንድ ፓውንድ አየሁት።

ልብሶቹን በአካል ማየትስ? ከ2024 መጨረሻ ጀምሮ እስከ 2025 መጀመሪያ አትላንታ ያለው የስካድ ፋሽ ሙዚየም የፓወልን ሥራዎች ብቻ ያሳየ ኤግዚቢሽን ነበረው። የአክስቴ ልጅ እዚያ ነው የምትኖረው። ሄደሽ አይተሽ ንገሪኝ ብላት "ልብስ ለማየት ከፍዬ? ቁም ሳጥኔን ልክፈትልሽ" አለችኝ። ሄዶ ያየ አንባቢ ካለ ይጻፍልኝ።

ፊልም ያልሆነ አንድ ልብሷን ግን ልጨምር። በ2020 የሽልማት ሰሞን ፓወል ነጣ ባለ የአቡጀዲ ሱፍ ለብሳ መጣች። እኛ ለሙከራ የምንሰፋበት፣ ልኩ ከታየ በኋላ የሚጣለው አቡጀዲ። ብዕር ይዛ እየዞረች ታዋቂ ሰው ሁሉ ላዩ ላይ እንዲፈርምበት አደረገች። ከዚያ በጨረታ 16,000 ፓውንድ ተሸጠ። ገንዘቡ የዴሬክ ጃርማንን ቤት ለማዳን ነበር፤ ሰውየው በ1994 ሞቷል፣ ዳንጀነስ ባሕር ዳር ያለችው ትንሽ ጥቁር ቤቱ ልትሸጥ ነበር። ለዘመቻው 3.5 ሚሊዮን ፓውንድ ያስፈልግ ነበር፣ ተሰበሰበ፣ ቤቷም ተረፈች። መጀመሪያ ሥራ ለሰጣት ሰው በአቡጀዲ ውለታ መለሰች።

እንግዲህ ነጥብ ስጪ ካላችሁኝ፣ ለማከራያው አፕ ከአምስት ሁለት፣ እሱም ኦርላንዶ ስለነበረው። ለሲንደሬላ አራት። ለዘ ፌቨሪት ዲስክ አምስት።

እሁድ ለት ለእማዬ ቪዲዮ ደወልኩላት። አዲስ አበባ ሆና እስካሁን ሲንጀሯን አልተወችም። ዘ ፌቨሪትን የወጥ ቤቱ ሠራተኞች የሚታዩበት ቦታ ላይ አቁሜ ስልኩን ወደ ቴሌቪዥኑ አዞርኩላት። ምንም አልነገርኳትም፣ "የጥንት እንግሊዝ ነው" ብቻ ነው ያልኩት። መነጽሯን አስተካክላ ትንሽ ዝም አለች።

"አንቺ፣ ይሄ ጂንስ አይደለም እንዴ?"

"በምን አወቅሽ?"

"መጋጠሚያው ጋ ነጣ ብሏላ! ሱሪ የነበረ ነው። ማን ነው የሰፋው? ጎበዝ ናት።"