ኳሷ ጥሩ ናት፣ ችግሩ ቁልቁለቱ ነው

ከደሴ ፒያሳ ነው የገዛኋት። ጠንካራ የጎማ ኳስ ናት፣ መሀሏን ገመድ ያቋርጣታል፣ ዋጋዋ 350 ብር። ባለሱቁ "ለውሻ ተብላ የተሠራች ናት፣ ራሷ ታስተምረዋለች" አለኝ።

ምንም አላስተማረችውም!

ውሻዬ ቡላ ስምንት ወሩ ነው። የመጀመሪያ ቀን ወረወርኩለት፣ እየበረረ ሄዶ አነሳት፣ ከዚያ ይዟት አጥር ስር ተጋደመ። "አምጣ!" ስለው ጭራውን ይቆላል፣ ጠጋ ስለው ተነስቶ ይፈተለካል። ሩብ ሰዓት ሙሉ ግቢውን አዞረኝ። ጎረቤታችን እማማ ቡና እየቆሉ ሲያዩን ቆይተው "ልጄ፣ ኳስ አቀባዩ ማነው? አንተ ነህ ወይስ እሱ?" አሉኝ።

ጥፋቱ የኔ ነበር። ውሻ ካባረሩት ጨዋታው አባሮሽ ይመስለዋል። በማግስቱ ኳሷን ሲያነሳ ጀርባዬን ሰጥቼው ሮጥኩ፣ ተከተለኝ። አጠገቤ ሲደርስ ጨውም በርበሬም ያልነካው የተቀቀለ ሥጋ አፍንጫው ላይ አደረግኩለት፣ አፉን ሲከፍት "ልቀቅ" አልኩ፣ ሥጋውን ሰጠሁትና ኳሷን ወዲያው መልሼ ወረወርኩለት። ይቺ መልሶ መወርወር ናት ዋናዋ፤ ከለቀቀ እንደማይነጠቅ የሚገባው በሷ ነው። አምስት ስድስት ጊዜ፣ ከዚያ በቃ። ሳይሰለቸው ማቆም ነው።

አሁን ወደ ኳሷ ልመለስ። ሰፈራችን ጦሳ ተራራ ስር ነው፣ ደልዳላ ቦታ የለም። ይቺ ኳስ ደግሞ ስትነጥር መድረሻዋ አይታወቅም፣ አንዴ ከበር ካመለጠች ቁልቁል ተንከባላ ቦይ ውስጥ ናት። ቡላ በሩ ላይ ቆሞ ያየኛል። ቦይ የገባሁት እኔ ነኝ! በመጨረሻ በልጅነታችን እንደምንሠራው አሮጌ ካልሲ ውስጥ ጨርቅ ጠቅጥቄ ሰፋሁለት። የወደቀችበት ትቀራለች፣ ለአፉ ትለሰልሳለች፣ በዚያ ላይ እግሬን እግሬን ትሸታለች መሰለኝ ወደዳት። በሁለት ሳምንት እጄ ላይ ማስቀመጥ ለመደ። (ጨዋታው ሲያልቅ ደብቋት፣ ጨርቅ ከዋጠ አደጋ ነው።) የጎማዋን ያወጣሁለት ከዚያ በኋላ ነው፣ ገራዶ ሜዳው ላይ፣ እዚያ ታምራለች።

ጎማዋን ግን አላማትም። ሁለት ወር ሙሉ አኝኳት ቁራጭ አልወጣትም፣ በውሃ ትታጠባለች፣ ጉሮሮው እንዳትገባም ትልቅ ናት። የቴኒስ ኳስ ጠጉሩ አሸዋ ይዞ ጥርስ ስለሚሞርድ እሷን እመርጣለሁ። ገመዱ ግን ቀሽም ነው። በሦስተኛው ሳምንት ተተረተረ፣ ክሩን እንዳይውጥብኝ ቆርጬ ጣልኩት። ሄጄ ብነግረው ባለሱቁ ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? "ገመዱ እኮ ለማማር ነው።"

ሜዳ ካላችሁ ግዙ። 350 ግን እንዳትከፍሉ፣ እኔ ሳልከራከር ነው የከፈልኩት።