ኢንቨርተር ኤሲ በድሬዳዋ፦ ስለ ሌሊቱ ጩኸት ከወራት በኋላ የምለው

ባለፈው የካቲት ለመኝታ ክፍላችን 12 ሺህ ቢቲዩ (የማቀዝቀዝ አቅም መለኪያ ነው) ኢንቨርተር ኤሲ ገዝተን አስገጠምን። የድሬዳዋን ሙቀት የሚያውቅ ሰው ለምን ብሎ አይጠይቀኝም። ግንቦትና ሰኔ ላይ ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ሲመታው የዋለ የብሎኬት ግድግዳ ሙቀቱን ሌሊት ወደ ውስጥ ሲተፋው፣ መስኮት ቢከፍቱም ቬንትሌተር ቢያዞሩም እንቅልፍ አይመጣም። ስለ ማቀዝቀዙ ብዙ የምለው የለኝም፤ ሥራውን በሚገባ ይሠራል። ይህን እንድጽፍ ያነሣሣኝ የሌሊቱ ጩኸት ነው። መንስኤው እስኪታወቅ ድረስ በባለሙያ ስም የተነገረኝ ሁሉ ከእውነቱ የራቀ ሆኖ ስላገኘሁት፣ ተመሳሳይ ችግር የገጠመው ሰው ደኅናውን ማሽን አስፈትቶ ገንዘቡን እንዳያባክን ያየሁትን በዝርዝር ማስቀመጥ ፈለግሁ።

ድምፁ ከጆሮ ይልቅ ደረት ላይ የሚሰማ፣ ዝቅ ያለና የማያቋርጥ ጉርምርምታ ነበር። ትራስ ላይ ጋደም ሲሉ ይጎላል፣ ቀና ሲሉ ይቀንሳል። ቀን ላይ የለም፤ አመሻሽ ላይ ኤሲው ሲከፈትም የለም። ክፍሉ ከቀዘቀዘ በኋላ፣ ከምሽቱ አምስት ሰዓት ገደማ ይጀምርና እስኪነጋ ይቀጥላል። የውጪው ማሽን የተሰቀለው የአልጋችን ራስጌ ከሚያርፍበት ግድግዳ ጀርባ በብረት ብራኬት ላይ ስለነበር፣ ሌሊቱን ሙሉ ከማሽኑ ጋር ጭንቅላት ለጭንቅላት ተጋጥመን የምንተኛ ያህል ነበር።

መጀመሪያ የጠራሁት ባለሙያ የመጣው እኩለ ቀን ላይ ነው። ማሽኑን ከፍቶ ጥቂት አዳመጠና «ጋሼ፣ ጋዙ ቀንሷል፤ ትንሽ እንሙላበት» አለኝ። «ወንድሜ፣ ክፍሉ እኮ በደንብ ይቀዘቅዛል፤ ጋዙ በምን ታወቀ?» ብለው «ጩኸት ሲኖር ብዙውን ጊዜ ጋዝ ነው» ብሎ መለሰልኝ። ይህ አነጋገር በከተማችን እጅግ የተለመደ በመሆኑ ጠንከር አድርጌ መናገር እፈልጋለሁ። የኤሲ ጋዝ በታሸገ ቱቦ ውስጥ የሚመላለስ እንጂ እንደ መኪና ነዳጅ እየተቃጠለ የሚያልቅ አይደለም። በእርግጥ ቀንሶ ከሆነ የሚያፈስበት ቦታ አለ ማለት ነው፤ ምልክቱም በዓይን ይታያል። ክፍሉ እንደ ቀድሞው አይቀዘቅዝም፣ በውስጡ ማሽን ክንፎች ወይም በቀጭኑ ቱቦ ላይ በረዶ ይጋገራል፣ በቱቦው መጋጠሚያ ነቶች ዙሪያ የዘይት ወዝ ይታያል። ከእነዚህ አንዱም እኛ ጋ አልነበረም። ይባስ ብሎ በማሽኑ ጎን በተለጠፈው ሠሌዳ ላይ የጋዙ ዓይነት አር-32 እንደሆነና መጠኑ ስንት ግራም እንደሆነ በግልጽ ተጽፎ ሳለ፣ ሰውየው ይዞ የመጣው ሲሊንደር የአር-22 ነበር። ሁለቱ ጋዞች የሚሠሩበት ግፊት የተለያየ ነው፤ አብሯቸው የሚሄደው የኮምፕሬሰር (ጋዙን የሚጨምቀው ሞተር) ዘይትም አንድ ዓይነት አይደለም። ቢሞላልኝ ኖሮ ጩኸቱ አይጠፋም፣ ኮምፕሬሰሩ ግን ይበላሽ ነበር። አመስግኜ ሸኘሁት።

ሁለተኛው ደግሞ ኮምፕሬሰሩ ተበልቷልና ይቀየር አለ። አንድ ወቅት እንኳ በቅጡ ያልሠራ ማሽን ኮምፕሬሰሩ ተበላ ማለት በራሱ የሚያጠራጥር ሲሆን፣ እኔን በይበልጥ ያላሳመነኝ ግን የሰዓቱ ነገር ነው። የተበላ ኮምፕሬሰር ይበልጥ የሚጮኸው ጭነት ሲበዛበት፣ ማለትም ቀትር ላይ ሙሉ ኃይሉን ሲጠቀም ሊሆን ይገባል። የእኛው ቀትር ላይ ዝም ብሎ፣ ሥራው ቀልሎለት ሊያርፍ በሚገባው ሰዓት ነው የሚያጉረመርመው። ይህን ስነግረው መልስ አልነበረውም፤ ነገር ግን የኮምፕሬሰሩን ዋጋ መጥራቱን አልተወም።

ነገሩ የሚገባው ኢንቨርተር ምን እንደሚሠራ ሲታወቅ ነው። የድሮው ዓይነት ኤሲ ኮምፕሬሰሩን ወይ ያበራዋል ወይ ያጠፋዋል፤ በበራ ጊዜ ፍጥነቱ የሚወሰነው በመስመሩ 50 ኸርዝ ስለሆነ ከሰዓት ሰዓት አይለዋወጥም። ኢንቨርተር ግን ፍጥነቱን እንደ ክፍሉ ሙቀት ከፍ ዝቅ ያደርጋል። ክፍሉ ሞቃት ሲሆን በፍጥነት ይሽከረከራል፤ ሪሞቱ ላይ ወደ ተሞላው ዲግሪ ሲቃረብ ግን ከመጥፋት ይልቅ ዝግ ብሎ መዞሩን ይቀጥላል። መብራት የሚቆጥበውም በዚህ ነው። በቤት ኤሲ ውስጥ ያለው ተሽከርካሪ ኮምፕሬሰር በእያንዳንዱ ዙር ጋዙን ሲጨምቅ አንድ ንቅናቄ አለው። በፍጥነት ሲዞር ንቅናቄው በራሱ በዙሩ ጉልበት ይዋጣል፤ ዝግ ሲል ግን እያንዳንዱ ምት ወደ ማሽኑ አካል፣ ከዚያም ወደ ብራኬቱና ወደ ግድግዳው ይተላለፋል። በዚህ ላይ ማንኛውም ቱቦ፣ ቆርቆሮ ወይም ብራኬት ሲነኩት የሚንቀጠቀጥበት የራሱ የሆነ ፍጥነት አለው። የኮምፕሬሰሩ ምት ከዚያ ፍጥነት ጋር ከተገጣጠመ ትንሿ ንዝረት ተባዝታ ትልቅ ድምፅ ትሆናለች። እኩለ ቀን የሚመጣ ባለሙያ ጩኸቱን የማይሰማው ለዚህ ነው፤ ማሽኑ በዚያ ሰዓት ችግሩ በሚወጣበት ፍጥነት ላይ አይደለም።

ስለዚህ ጩኸቱን በቀን ማስወጣት ነበረብኝ። ይህ ከባድ ነገር አይደለም፤ ማንም በቤቱ ሊያደርገው ይችላል። በርና መስኮት ዘግቼ ክፍሉን እስከ 24 ዲግሪ አቀዘቀዝኩና ሪሞቱን አንድ ዲግሪ ብቻ ከፍ አደረግሁት። ብዙ ከፍ ከተደረገ ኮምፕሬሰሩ ጭራሽ ይቆማል፤ በአንድ ዲግሪ ግን ሳይቆም ፍጥነቱን ይቀንሳል። ጥቂት ቆይቶ ያ የሌሊቱ ድምፅ በጠራራ ፀሐይ መጣ። ወዲያው ሪሞቱን ወደ ፋን ቀየርኩ፤ የውስጡ ማራገቢያ እየሠራ ኮምፕሬሰሩ ሲቆም ድምፁ አብሮ ጠፋ። በዚህ ብቻ የውስጡ ማሽን ከጥርጣሬ ነጻ ወጣ። የመብራቱን ከፍ ዝቅ ማለት የሚያስተካክለው ስታብላይዘርም እንዲሁ፤ ትራንስፎርመር ያለው ስታብላይዘር የራሱ የሆነ እምምታ ቢኖረውም፣ የእኛው ይህ ሁሉ ሲሆን ድምፁን አልለወጠም።

ከዚያ ወደ ውጪ ወጥቼ በእጄ መፈለግ ጀመርኩ። መሸፈኛ ቆርቆሮውን በመዳፌ ተጫንኩት፤ ለውጥ የለም። ብራኬቱን ያዝኩት፤ እጄ ውስጥ ይንዘረዘራል፣ ድምፁ ግን እንዳለ ነው። ከማሽኑ ጀርባ እጄን ሳስገባ የመዳብ ቱቦውን አገኘሁ። ገጣሚዎቹ የተረፈውን ቱቦ መቁረጥ ወይም በአግባቡ መዘርጋት ሲገባቸው እንደ ገመድ ጠቅልለው፣ በነጭ ቴፕ አስረው፣ በማሽኑና በግድግዳው መካከል ወትፈውታል። ጥቅሉን በሁለት ጣቴ ጫን ሳደርገው ጉርምርምታው ጸጥ አለ፤ ጣቴን ሳነሣ ተመለሰ። ደጋግሜ ሞከርኩት፤ ጥርጥር አልነበረውም። ቴፑ በፀሐይ ተሰነጣጥቆ ስፖንጁም ተቀዶ፣ መዳቡ ከማሽኑ የጀርባ ቆርቆሮ ጋር ቀጥታ ይፋተግ ነበር። ቆርቆሮው ላይ ቀለሙ ተልጦ ብረቱ ያበራል፤ ቱቦው ላይ ደግሞ የትንሿ ጣት ጥፍር የምታህል ጠፍጣፋ ቦታ ወጥታለች። ፍትጊያው በዚሁ ቢቀጥል አንድ ቀን ቱቦው ይበሳ ነበር፤ ያን ጊዜ በእውነት ጋዙ ያልቅና «ብለንህ ነበር» እባላለሁ።

ጥቅሉን ከቆርቆሮው አላቅቄ በመካከላቸው ወፍራም ስፖንጅ ስናደርግ ጩኸቱ ጉልህ በሆነ ሁኔታ ቀነሰ። ሙሉ በሙሉ ግን አልጠፋም፤ የቀረው የግድግዳው ድርሻ ነበር። በ1895 ዓ.ም. ባቡሩ ድሬዳዋ ከደረሰ በኋላ የተሠሩት የከዚራ ሰፈር አሮጌ ቤቶች ግድግዳቸው ወፍራም ስለሆነ እንዲህ ያለውን ንዝረት ከቁም ነገር አይቆጥሩትም። የእኛ ቤት ግን በብሎኬት የተሠራ ነው። ብሎኬት ውስጡ ባዶ ነው፤ ብራኬቱን የያዘው ፊሸር (ግድግዳው ውስጥ የሚገባው የብሎን መያዣ) የሚነክሰው ቀጭኑን የፊት ገጽ ብቻ ሲሆን፣ ከኋላው ያለው ባዶ ቦታ የመጣለትን ንዝረት አጉልቶ ወደ መኝታ ክፍሉ ያስገባዋል። በማሽኑ እግሮች ሥር መኖር የነበረባቸው ጎማዎችም አልነበሩም፤ ብረት በብረት ላይ ነበር የታሰረው።

ስለዚህ ማሽኑን ከግድግዳው አውርደን መሬት ላይ ለማስቀመጥ ወሰንኩ። ሦስተኛውን ባለሙያ ያገኘሁት በጎረቤቴ በኩል ነው፤ ስለ እርሱ በጎ እንጂ ሌላ የምለው የለኝም። ገና ሲመጣ «መጀመሪያ ድምፁን ላዳምጥ» ያለኝ እርሱ ብቻ ነበር። ግቢው ውስጥ ከመሬት ከፍ ያለ ትንሽ የኮንክሪት መቀመጫ አስቀድመን አስሞልተን ነበር። ሥራውን የጀመረው ጋዙን በማሽኑ ውስጥ በመሰብሰብ ነው። ኤሲው እያቀዘቀዘ ሳለ የቀጭኑን ቱቦ ቫልቭ ዘጋ፣ ኮምፕሬሰሩ ጋዙን ወደ ውጪው ማሽን ስቦ ሲጨርስ የወፍራሙን ቫልቭ ዘግቶ ወዲያው አጠፋው። በዚህ መንገድ ጋዙ ሳይባክን ቱቦው ተፈታ። ያ ጥፋተኛ ጥቅልም ለጥቅም ዋለ፤ በጥንቃቄ በእጅ እየዘረጋ፣ የተፋተገውን ቦታ ቆርጦ ጫፉን አዲስ ካስፋው በኋላ እስከ መሬት በቂ ሆነ። አዲስ ቱቦ መግዛት አላስፈለገም። ከገጠመ በኋላ በቫክዩም ፓምፕ አየሩንና እርጥበቱን ከቱቦው አወጣ፤ ይህን የሚዘሉ ገጣሚዎች ብዙ ናቸው፣ በቱቦው ውስጥ የቀረ እርጥበት ግን ቀስ በቀስ ኮምፕሬሰሩን ይጎዳል። በእግሮቹ ሥር ወፍራም ጎማ አደረገ፣ በውሃ ልክ አስተካከለ፣ ቱቦው በግድግዳው ቀዳዳ ሲያልፍም ግንቡን እንዳይነካ በስፖንጅ ከበበው።

ከዚያ ሌሊት ጀምሮ ጉርምርምታው የለም። የቀሩት ድምፆች የሚያሳስቡ አይደሉም፤ ሲጠፋ የሚሰማው ጠቅ ጠቅታ ፕላስቲኩ ከቅዝቃዜው ሲላቀቅ ነው፣ የውሃ ዓይነት ድምፁም ጋዙ በቱቦው ውስጥ ሲረጋጋ ነው። የአካባቢያችን አቧራ ግን ችላ ሊባል አይገባውም። የውስጡ ማራገቢያ ላይ ሲጋገር ሚዛኑን ያስተውና ሌላ ዓይነት ድምፅ ያመጣል፤ ስለዚህ ማጣሪያውን ቶሎ ቶሎ እናጥባለን።

አሁን ለሻጩ የምለው አለኝ። ይህን ማሽን ሲሸጥልኝ ካታሎጉ ላይ 19 ዴሲቤል የሚለውን ቁጥር በጣቱ እየጠቆመ ነበር። ቁጥሩ ሐሰት አይደለም፤ ግን የውስጡ ማሽን ብቻ፣ በዝቅተኛው የማራገቢያ ፍጥነት፣ ድምፅ በማያስተጋባ የመለኪያ ክፍል ውስጥ የተለካ ነው። የውጪው ማሽን ከታች በሌላ መስመር ላይ ለብቻው ተጽፏል፤ እርሱ ወደ 50 ይጠጋል። 10 ዴሲቤል ሲጨምር ለሰው ጆሮ በግምት እጥፍ ሆኖ እንደሚሰማ ሻጩ ሳያውቅ አይቀርም። «እኔ የሸጥኩት ማሽን ነው፤ መግጠሙ የሌላ ሰው ሥራ ነው» ሊለኝ ይችላል። ገጣሚዎቹን የላከው ግን ራሱ ሱቁ ነው፤ የመግጠሚያውን ዋጋም የተቀበለው እዚያው ነው። «ሁሉም ኤሲ ይጮኻል» ቢለኝ ደግሞ ያው ማሽን፣ ያው ኮምፕሬሰር፣ ያው ጋዝ ዛሬ ግቢዬ ውስጥ ጸጥ ብሎ እየሠራ ስለሆነ መጥቶ ያዳምጥ። አንዲት ሳንቲም የማታወጣ የጥንቃቄ ጉድለት እንቅልፋችንን ለወራት ነጠቀችን፤ ደኅናውንም ማሽን ልታስገድልብን ምንም አልቀራትም። ይህ እስካሁን ያናድደኛል።

በማሽኑ ግን አልቆጭም። በዚያ ሁሉ ንዝረት መካከል እንኳ ማቀዝቀዙን አንድ ቀን አላጓደለም፤ ነገ ልግዛ ብል ይህንኑ እገዛለሁ። እንዲያውም ለሳሎኑ ሁለተኛውን ልንገዛ ነው። የኮንክሪት መቀመጫው ከአሁኑ ተሞልቷል፤ ከመኝታ ክፍሎቹ ርቆ በግቢው ማዶ ነው። ሱቁ ገጣሚ እንዳይልክ፣ ሦስተኛው ባለሙያ እንዲገጥመው ተስማምተናል። የመግጠሚያውንም ሒሳብ የምጨርሰው ክፍሉ ቀዝቅዞ፣ ሪሞቱ አንድ ዲግሪ ከፍ ተደርጎ፣ ኮምፕሬሰሩ ዝግ ባለበት ሰዓት ሁለታችንም ቆመን ካዳመጥነው በኋላ ነው።