ብሌችሊ ፓርክ፦ ኮድ የተሰበረበት ግቢ

ለንደን ከሆናችሁ ከዩስተን ባቡር ያዙና ብሌችሊ ውረዱ፤ ሙዚየሙ ከጣቢያው በእግር ቅርብ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የጀርመኖች ምስጢር ሲፈታ የነበረው እዚህ ነው።

ጀርመኖች መልእክታቸውን የሚያመሰጥሩበት ማሽን፣ ኤኒግማ፣ ሲያዩት ተራ የጽሕፈት መኪና ይመስላል። አንድ ፊደል ሲጫኑ ውስጡ ያሉት ጎማዎች ይዞሩና ሌላ ፊደል ይበራል። ግን አንድ ጉድ አለበት፤ የትኛውም ፊደል ራሱን ሆኖ አይወጣም። ኮድ ሰባሪዎቹ ይቺን ቀዳዳ ያዟት! መልእክቱ ውስጥ አለ ብለው የገመቱትን ቃል፣ ለምሳሌ ከአየር ሁኔታ ዘገባ፣ ከተመሰጠረው ጽሑፍ ስር እያንሸራተቱ አንድ ዓይነት ፊደል የተገጣጠመበትን ቦታ ሁሉ ይጥሉታል፤ ከዚያ የሒሳብ ሊቆቹ አለን ቱሪንግና ጎርደን ዌልችማን የነደፉት ቦምብ የተባለው ማሽን ሥራውን ይቀጥላል። ሁሉም ቱሪንግን ያወራል እንጂ ፖላንዶቹ እነ ማሪያን ሬዬቭስኪ እኮ ገና በ1932 እ.ኤ.አ. ኤኒግማን ሰብረውት ነበር።

ለእኔ ምርጡ ክፍል ኮድ ሰባሪዎቹ የሠሩባቸው የእንጨት ቤቶች ናቸው። ጠበብ ያሉ፣ ጨለም ያሉ። እዚህ ግቢ ከሠሩት አብዛኞቹ ሴቶች መሆናቸውንም ልብ በሉ። እንደገና የተሠሩትን ኮሎሰስን (የጦርነቱ ዘመን ኮምፒውተር) እና ቦምብን ለማየት ግን እዚያው ግቢ ያለው የኮምፒውተር ሙዚየም ሌላ ትኬት ይጠይቃል፤ በጀታችሁን ከወዲሁ አስቡበት።