«ማርከስ ጋርቬይ» ወይስ «ጋርቬይስ ጎስት»?

ጃማይካዊው የሬጌ ዘፋኝ በርኒንግ ስፒር (ዊንስተን ሮድኒ) እንደ ፈረንጆቹ በ1975 «ማርከስ ጋርቬይ» የተባለውን አልበም አወጣ። በ1976 የዚያው አልበም ደብ ቅጂ (ዘፈኑ ባብዛኛው ተቀንሶ ሙዚቃው በኤኮ እንደገና የተቀነባበረበት) «ጋርቬይስ ጎስት» ተከተለ። ከየትኛው ልጀምር ለምትሉ፦

መልእክት፦ ዋናው ያሸንፋል፣ ክርክር የለውም። ሮድኒ እንደ ጥቁሮች መብት ታጋዩ ማርከስ ጋርቬይ ሁሉ የጃማይካዋ ሴንት አንስ ቤይ ልጅ ነው፤ ስለ አገሩ ሰው ሲዘፍን ያስታውቃል። «ስሌቨሪ ዴይስ» ላይ የባርነቱን ዘመን ታስታውሳላችሁ ወይ እያለ ይጠይቃል፤ ደግሞ ይጠይቃል። እንግሊዝኛው ባይገባችሁም ድምፁ ይይዛችኋል። ደቡ ላይ ይህ ድምፅ ብቅ ብሎ ይጠፋል።

ሙዚቃ፦ እዚህ ለደቡ አደላለሁ። ቤዙና ድራሙ ፊት ይመጣሉ፣ ጥሩምባው በኤኮ ይርቃል። በስልክ ስፒከር ግን አትስሙት። ቤዙ ከሌለ ምን ቀረ?

ቅሬታ፦ አሳታሚው አይላንድ ሬከርድስ ዋናውን ለውጭ ገበያ ብሎ አለሳልሶታል፤ ብዙ የሬጌ ወዳጆች አልወደዱለትም።

ግዢ፦ ሁለቱን ባንድ ሲዲ ያጣመረ እትም አለ።

ለሩትስ ሬጌ (ስለ ጥቁር ሕዝብ ታሪክና እምነት ለሚዘፍነው የሬጌ ዓይነት) አዲስ የሆነ፣ ግጥም የሚከተል ሰው ዋናውን ይያዝ። ዘፈኖቹን የጠገበ፣ ወይም ማታ እየሠራ ቃል እንዳይረብሸው የሚፈልግ ደቡን ይክፈት፤ ጥሩ ኢርፎን ካለው።