ኪውጂአይኤስ በአዲንዳንና በግእዝ ፊደል ሲፈተን

ካርታና የቦታ መረጃ የሚሠራበትን ኪውጂአይኤስ የተባለ የኮምፒውተር ፕሮግራም በነጻነቱ ብቻ የሚያወድሰው ብዙ ነው። ያለ ፈቃድ ክፍያ መሥራቱ ትልቅ ነገር መሆኑ አያጠያይቅም። በወረዳ መሬት ጽሕፈት ቤት ወይም በከተማ ፕላን ክፍል ለሚሠራ ባለሙያ ግን ዋናው ጥያቄ ሌላ ነው፦ የአገራችንን መረጃ ሳያዛባ ይይዛል ወይ? አዎ፣ ይይዛል። ሆኖም ሁለት ቦታ ላይ ካልነቁበት ሥራው ድምፅ ሳያሰማ ይበላሻል። አንዱ ፕሮጀክሽን (ክቡን ምድር በጠፍጣፋ ካርታ ላይ የማስቀመጫ ስሌት) ነው፣ ሌላው የአማርኛ ጽሑፍ።

አጫጫኑ ቀላል ነው። ከሚወጡት ስሪቶች መካከል ለአንድ ዓመት ያህል እርማት የሚደረግለትን ኤልቲአር ይምረጡ። የዊንዶውስ መጫኛው ከ1 ጊጋባይት በላይ ስለሆነ አንድ ጊዜ አውርዶ በፍላሽ ለቢሮው ሁሉ ማዳረስ ያዋጣል፤ ሁሉም ኮምፒውተር ላይ አንድ ዓይነት ስሪት መኖሩም ፋይል ሲለዋወጡ ከሚመጣ ጣጣ ያድናል። ከተጫነ በኋላ ያለ ኢንተርኔት ይሠራል።

ፕሮጀክሽኑ ላይ ቆም እንበል። የድሮዎቹ ባለ 1:50,000 ቶፖግራፊ ካርታዎቻችን የተሠሩት በአዲንዳን ዳተም (የቦታ ልኬት መነሻ ሥርዓት) ነው። የእጅ ጂፒኤስም ሆነ ስልክ ካልተቀየረ በስተቀር የሚሰጠው ደብሊውጂኤስ 84 በተባለው ዓለም አቀፍ ዳተም ነው። ከ36 እስከ 42 ዲግሪ ምሥራቅ ያለው የአገሪቱ ክፍል፣ አዲስ አበባን ጨምሮ፣ በዩቲኤም (ምድርን በዞን ከፍሎ በሜትር የሚለካ ፕሮጀክሽን) ዞን 37 ውስጥ ይወድቃል፤ በፕሮግራሙ ውስጥ የአዲንዳኑ መለያ ኮድ 20137፣ የደብሊውጂኤሱ 32637 ነው። ጋምቤላ ከተማ ዞን 36፣ ጅግጅጋ ዞን 38 ውስጥ ናቸው።

በአዲንዳን የተዘጋጀ ሌየር (የካርታ መረጃ ንብርብር) 32637 ነው ተብሎ ቢከፈት ፕሮግራሙ ምንም ማስጠንቀቂያ አይሰጥም። ካርታው ይታያል፣ የማሳዎቹም ቅርጽ ትክክል ነው፤ ነገር ግን ሁሉም ወደ ምዕራብ 90 ሜትር፣ ወደ ደቡብ 200 ሜትር ያህል ተንሸራቶ ይቀመጣል። ማሳዎች በጠበቡበት ቀበሌ ይህ ማለት የአንዱ ይዞታ ከሦስት አራት ሰው ማሳ አልፎ ሌላው ላይ አረፈ ማለት ነው። የሳተላይት ምስል ከሥር አንጥፎ መንገድና ወንዝ መገጠሙን ማየት የአንድ ደቂቃ ሥራ ነው፤ ሊዘለል አይገባም።

ማስተካከያው ላይ ብዙዎች የሚሳሳቱት ሁለት ትእዛዞችን በማምታታት ነው። «ሴት ሌየር ሲአርኤስ» የሚቀይረው የፕሮጀክሽኑን ስያሜ ብቻ ነው፤ የቦታ መገኛ ቁጥሮቹን አይነካም። «ሪፕሮጀክት ሌየር» ደግሞ ቁጥሮቹን ራሳቸውን አስልቶ አዲስ ሌየር ያወጣል። መጀመሪያ ሌየሩን በእውነተኛ ማንነቱ 20137 ይበሉት፣ ከዚያ ወደ 32637 ሪፕሮጀክት ያድርጉት። የመቀየሪያ ስሌቶች ዝርዝር ከመጣ፣ አዲንዳን በሱዳንም ስለሚሠራበት፣ ለኢትዮጵያ የተመደበውን ይምረጡ። እንዲያም ሆኖ የጥቂት ሜትሮች ስህተት ይቀራል፤ ለመንገድ ጥናት ይበቃል፣ ለይዞታ ወሰን ግን አይሆንም።

ከኤክሴል ነጥብ ሲያስገቡ ኤክስ ኬንትሮስ፣ ዋይ ኬክሮስ መሆኑን ያረጋግጡ። ከተገለበጠ አዲስ አበባ ከሰርዲንያ ደሴት በስተደቡብ ሜዲትራኒያን ባሕር ውስጥ ትገኛለች። ባፈር (በአንድ ነገር ዙሪያ በተወሰነ ርቀት የሚሰመር ክልል) ሲሠሩም ሌየሩ በዲግሪ ከሆነ 500 ብሎ መጻፍ 500 ዲግሪ ማለት ነው። የተዳፋት ስሌትም እንዲሁ፤ ከፍታው በሜትር፣ አግድሙ በዲግሪ ሆኖ ከተሰላ ሜዳው ሁሉ ገደል ሆኖ ይወጣል። መፍትሔው አንድ ነው፦ አስቀድሞ ወደ ዩቲኤም መቀየር።

አሁን ወደ ፊደላችን። ሼፕፋይል የተባለው የካርታ ፋይል ዓይነት የዓምድ ስም ከ10 ባይት አያስበልጥም። በዩቲኤፍ-8 ኢንኮዲንግ (ፊደል በኮምፒውተር የሚቀመጥበት ኮድ) አንድ የግእዝ ፊደል 3 ባይት ስለሚይዝ «ባለይዞታ» ብለው የሰየሙት ዓምድ «ባለይ» ላይ ተቆርጦ ይቀራል። ኢንኮዲንጉ ካልተስተካከለ የባለይዞታው ስም ራሱ በጥያቄ ምልክት ይሞላል፣ ከተቀመጠ በኋላም አይመለስም። ስለዚህ ሼፕፋይልን ትቶ ጂኦፓኬጅ የተባለውን የፋይል ዓይነት መጠቀም ነው፤ ሁሉም በአንድ ፋይል ይጠቃለላል፣ አማርኛውም እንደተጻፈ ይቆያል። ከኤክሴል ሲያወጡ «ሲኤስቪ ዩቲኤፍ-8» የሚለውን ይምረጡ።

ለኅትመት ኒያላም ሆነ ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክ የተባሉት ፎንቶች በካርታው ላይ ጥርት ብለው ይወጣሉ። ፒዲኤፍ ሲያወጡ ጽሑፉ እንደ ቅርጽ እንዲወጣ የሚያዘውን አማራጭ ይውሰዱ፤ ፎንቱ በሌለበት ኮምፒውተር ላይም ፊደሉ አይጠፋም።

ድክመቱም አለ። በሺዎች የሚቆጠሩ ፖሊጎኖች (እንደ ማሳ ያሉ ዝግ ቅርጾች) ላይ ሲሠሩ ፕሮግራሙ አንዳንዴ ድንገት ይዘጋል፤ በየጥቂት ደቂቃው ሴቭ ማድረግ ግድ ነው። ቅርጹ በኮምፒውተር ሲሣል (ዲጂታይዝ ሲደረግ) ጠርዝን ከጠርዝ የሚያገጥመው ስናፒንግ ካልበራ በጎረቤት ማሳዎች መካከል ቀጫጭን ክፍተትና መደራረብ ይፈጠራል፤ ራሱን በሚያቋርጥ ፖሊጎን ምክንያት የሁለት ሌየሮችን የጋራ ቦታ የሚያወጣው «ኢንተርሴክሽን» ከቆመ «ፊክስ ጂኦሜትሪስ»ን አስቀድመው ያስኪዱ።

አንድን ጂኦፓኬጅ በጋራ ኔትወርክ ላይ አስቀምጦ ሁለት ሦስት ሰው በአንድ ጊዜ ማረም ግን አይሞከር። ፋይሉ ይቆለፋል፣ ሲብስም ይበላሻል። እንዲህ ዓይነት ሥራ ያለው ቢሮ መረጃውን ፖስትጂአይኤስ በተባለ የመረጃ ቋት ሰርቨር ላይ ያስቀምጥ፤ እሱም ነጻ ነው፣ ኪውጂአይኤስም በቀጥታ ይከፍተዋል።