ሽፋኑ ላይ «የተሟላ መመሪያ» የሚል ካያችሁ ኪሳችሁን ያዝ አድርጉ

የስታር ትሬክ፣ የዶክተር ሁ፣ የኤክስ ፋይልስ ወዳጆች፣ ይህ ጽሑፍ ለእናንተ ነው። ከእናንተ ይበልጥ ደግሞ ለእናንተ ስጦታ ለሚገዙ ሰዎች ነው፤ በብዛት የሚሸወዱት እነሱ ናቸውና። ስለ ሳይንስ ፊክሽን ተከታታይ ፊልሞች ማጣቀሻ መጽሐፍ ኦንላይን ስትፈልጉ ከሚደረደሩላችሁ ውስጥ ብዙዎቹ ለስሙ ነው መጽሐፍ የሆኑት። ዋጋቸው ግን የእውነተኛ መጽሐፍ ነው። አንዳንዴማ ይበልጣል።

ሰሞኑን አንዱ እጄ ገባ። የአክስቴ ልጅ አዲስ አበባ ነው የሚኖረው፤ ባትልስታር ጋላክቲካ የሚባለው ተከታታይ ሲሉት ነፍሱ ነው። ስሙን ከማልጠራው ሻጭ አዘዘና እኔ ጋ አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ መጣለት። በሰው ልልክለት ሳዘጋጅ ገለጥ ገለጥ አደረግኩት። ስታርባክ የሚባለውን ገጸ ባሕርይ ፈለግኩ። ተከታታዩን የሚያውቅ እንደሚያስታውሰው በ1978ቱ ስታርባክ ወንድ ነው፣ ዲርክ ቤኔዲክት የሠራው። በ2003 እንደ አዲስ ሲሠራ ኬቲ ሳክሆፍ ወሰደችውና ገጸ ባሕርዩ ሴት ሆነ። በዚያ ዘመን ይህ ለውጥ ስንቱን አድናቂ አናድዶ ነበር! መጽሐፉ ግን ሁለቱን አንድ ሰው አድርጓቸው ቁጭ ብሏል። አንዱ ዓረፍተ ነገር ላይ «እሱ»፣ ቀጥሎ «እሷ» ይላል። አንድም ፎቶ የለውም። ማን ምን ገጽ ላይ እንዳለ የሚጠቁም ዝርዝርም የለውም። ደራሲው ማን ነው ብትሉ፣ ከስሙ በቀር አንዲት መስመር አልተጻፈችም።

እንዲህ ያለ መጽሐፍ ኤአይ (ሰው ሠራሽ አስተውሎት) ያመጣው ብቻ አይደለም። ቀደም ሲልም ነበር። ጀርመን አገር ዛርብሩክን ከተማ የነበረ ፋው ዴ ኤም የሚባል አሳታሚ ከ2000ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ አልፋስክሪፕት እና ቤታስክሪፕት በሚሉ ስሞች መጽሐፍ ሲያጎርፍ ኖሯል። ውስጡ ያለው የዊኪፔዲያ ጽሑፍ ነው። ይህንንም ሽፋኑ ላይ ይጽፉት ነበር፤ ገዢው አያነበውም እንጂ አልደበቁም። ሌባ ማለትም አይቻልም፣ የዊኪፔዲያ ፈቃድ ምንጩን ጠቅሶ መሸጥን ይፈቅዳል። ሕጋዊ ነው። ያም ሆኖ ስልካችሁ ላይ በነጻ የምታነቡትን አትሞ በብዙ ዶላር መሸጥ ምን እንደሚባል እናንተው ፍረዱ።

እንዴት ያዋጣቸዋል ያላችሁ እንደሆነ፣ መልሱ ኅትመቱ ላይ ነው። ድሮ አሳታሚ ሦስት ሺህ ቅጂ አሳትሞ መጋዘን ያስቀምጣል፤ ካልተሸጠ ይከስራል። ስለዚህ የማይረባ ነገር ከማሳተሙ በፊት ሁለት ጊዜ ያስባል። አሁን ማሽኑ የሚያትመው ሰው ሲያዝ ብቻ ነው። ሺህ ርዕስ ብታወጣ ወጪህ ኢምንት ነው፤ ከእያንዳንዱ አንድ አንድ ሰው ከገዛህ በቂ ነው።

ኤአይ ሲመጣ መገልበጡ እንኳ ቀረ፤ ጽሑፉን ኤአዩ ራሱ ይሠራዋል። ዊኪፔዲያ ቢያንስ ሰው ያረመው ጽሑፍ ነው። አማዞን በሴፕቴምበር 2023 በራስ አሳታሚ አገልግሎቱ አንድ ሰው በቀን ከሦስት በላይ አዲስ መጽሐፍ እንዳያወጣ ገደብ አበጀ። በቀን ሦስት! ገደቡ ይህ ከሆነ ከዚያ በፊት የነበረውን ገምቱት። ያኔ ሌላም ደንብ ወጣ፤ ጽሑፉ በኤአይ የተሠራ ከሆነ አሳታሚው ለአማዞን ማሳወቅ አለበት። ለእኛ ለገዢዎች ግን እንዲነገረን አልተደረገም።

የሳይንስ ፊክሽን ተከታታይ ደግሞ ለዚህ ዓይነቱ ንግድ የተመቸ ነው። አድናቂው ሰብሳቢ ነው፣ ያለው ላይ ሌላ ይጨምራል። መረጃው ኢንተርኔት ላይ ሞልቷል። አንዱ ተከታታይ በየዘመኑ በዚያው ስም ስለሚሠራ ማምታታትም ቀላል ነው።

እንዴት እንለያቸው? ሽፋኑን ተዉት፣ እሱ ሁሌም ያምራል። ሻጩ ከውስጥ ጥቂት ገጾች የሚያሳይ ከሆነ እዚያ ግቡና የምታውቁትን አንድ ነገር ፈልጉ። እኔ የምወደው መፈተኛ ፋየርፍላይ የሚባለው ተከታታይ ነው። የተሠራው 14 ክፍል ነው፤ ፎክስ የሚባለው የቴሌቪዥን ጣቢያ በ2002 ሲያስተላልፈው ያሳየው 11 ብቻ ነው፤ ያውም ቅደም ተከተሉን አዛብቶ። የታሪኩ መነሻ የሆነው የመጀመሪያው ክፍል የታየው ዲሴምበር ላይ፣ ከሁሉም ኋላ ነው። የመጀመሪያው ስታር ትሬክም እንዲሁ ነው። ሴፕቴምበር 8 ቀን 1966 የተላለፈው ክፍል መጀመሪያ የተቀረጸው አይደለም። ጥሩ ማጣቀሻ መጽሐፍ የተቀረጸበትንና የተላለፈበትን ቅደም ተከተል ለይቶ ያሳያችኋል። ደራሲው ሰነድ አገላብጧል ማለት ነው። የውሸቱ መጽሐፍ አንድ ዝርዝር ሰጥቶ ያልፋል።

ዶክተር ሁም እንዲሁ ጥሩ ሚዛን ነው። ቢቢሲ የ1960ዎቹን ቴፖች አጥፍቷቸው ስለነበር ስንት ክፍል እንደጠፋ በየጊዜው ይለዋወጣል። በ2013 ናይጄሪያ ውስጥ ዘጠኝ ክፍሎች ሲገኙ የጠፉት ቁጥር ከ106 ወደ 97 ወረደ። ስለዚህ ከዚያ ወዲህ ታትሜያለሁ የሚል መጽሐፍ «106 ጠፍተዋል» ካላችሁ ከአሮጌ ነገር ተገልብጧል። (በነገራችን ላይ እነዚያን ጥቁርና ነጭ ክፍሎች ከቢቢሲ ከገዙት አገሮች አንዷ ኢትዮጵያ ነበረች። ስለዚያ ጉዳይ አንድ ቁም ነገር ያለው መጽሐፍ ቢገኝ እኔም እገዛለሁ።)

መጽሐፉ እጃችሁ ከገባ ደግሞ የመጨረሻውን ገጽ ግለጡ። በትእዛዝ የሚታተሙ ብዙ መጻሕፍት እዚያ ባርኮድ፣ የታተሙበት ከተማና ቀን አላቸው። ቀኑ እናንተ ካዘዛችሁ በኋላ ከሆነ ለእናንተ ሲባል የታተመ ነው። ይህ ብቻውን ወንጀል አይደለም፤ በዚህ መንገድ የሚያሳትሙ ደህና ደራሲዎችም አሉ። ግን ደራሲው የማይታወቅ፣ ፎቶ የሌለው፣ በዚያ ላይ ያው ስም ስለ ጓሮ አትክልትም ስለ ስኳር በሽታም መጽሐፍ ያወጣ ከሆነ፣ በቃ።

ሌላው ገንዘብ የሚበላበት መንገድ ከዚህ የተለየ ነው፤ መጽሐፉ እውነተኛ ነው፣ እትሙ ግን ያረጀ ነው። የማይክልና ዴኒስ ኦኩዳ የስታር ትሬክ ኢንሳይክሎፒዲያ ምርጥ ሥራ ነው፤ ባልና ሚስቱ ራሳቸው ተከታታዩ ላይ ሠርተዋል። መጀመሪያ የወጣው በ1994 ነው። ቮየጀር የሚባለው የስታር ትሬክ ተከታታይ የጀመረው በጃንዋሪ 1995 ስለሆነ፣ የእሱን ገጸ ባሕርይ ሰቨን ኦፍ ናይንን እዚያ እትም ውስጥ ብትፈልጓት አታገኟትም። በ2016 በሁለት ጥራዝ የወጣው ያንን ሁሉ ይዟል፤ ከ2017 ወዲህ የመጣውን ዲስከቨሪ የተባለውን ተከታታይ ግን አይጨምርም። ሻጮች የድሮውን እትም ዓመቱን ሳይጽፉ፣ የአዲሱን ፎቶ ለጥፈው ሲሸጡ አይቻለሁ። ከመክፈላችሁ በፊት ዓመቱን በጽሑፍ ጠይቁ። የመጽሐፉ ሽፋን ላይ ያለውን የአይኤስቢኤን (የእትሙ መለያ) ቁጥር ፎቶ አንስተው እንዲልኩላችሁም አድርጉ። እምቢ ያለን ሻጭ ተዉት።

አገር ቤት ያላችሁ ደግሞ ከሁሉም በላይ ተጠንቀቁ። አሜሪካ ያለ ሰው ያልወደደውን ይመልሳል፤ የተለመደው ጊዜ ሠላሳ ቀን ነው። እናንተ ጋ እስኪደርስ ግን መንገደኛ ይጠበቃል፣ ከመንገደኛው 23 ኪሎ ላይ ቦታ ይለመናል፣ ሠላሳው ቀን አለፈ። ስለዚህ ዕቃውን እዚያ የሚቀበልላችሁ ዘመድ ወዲያው ይክፈተው። ሽፋኑን፣ ውስጡን ሦስት አራት ገጽ፣ የመጨረሻውንም ገጽ በቴሌግራም ይላክላችሁ። እሺ ስትሉ ብቻ ሻንጣ ይግባ። የአክስቴ ልጅን መጽሐፍ እንዲህ ነው የመለስነው።

ለመሆኑ መግዛትስ ግድ ነው? ትልቁ የሳይንስ ፊክሽን ኢንሳይክሎፒዲያ፣ በ1979 በመጽሐፍ የወጣው፣ ከ2011 ጀምሮ ኦንላይን በነጻ ይነበባል። ቴሌቪዥኑንም ይሸፍናል። ለስታር ትሬክ ከ2003 ጀምሮ አድናቂዎች የሚጽፉት ሜሞሪ አልፋ አለ፤ ብዙ የታተመ መጽሐፍ አይደርስበትም። የእንግሊዞቹ ተከታታይ መቼ እንደተላለፈ ለማጣራት ቢቢሲ ጂኖም የድሮውን የራዲዮ ታይምስ መጽሔት ፕሮግራም ዝርዝር እስከ 2009 ድረስ አስቀምጦታል። ውጭ ያላችሁ የሰፈራችሁን ቤተ መጻሕፍት ጠይቁ፤ እነሱ ጋ ባይኖር ከሌላ ቤተ መጻሕፍት ያስመጡላችኋል።

ገንዘባችሁ አስቀድሞ ተበልቶ ከሆነም ዝም አትበሉ። አንድ ኮከብ ሰጥቶ «መጥፎ ነው» ማለት ማንንም አይጠቅምም። የተሳሳተውን ገጽ ፎቶ አንሱና አስተያየታችሁ ላይ ለጥፉት፤ ስህተቱ ምን እንደሆነ በአንድ መስመር ጻፉበት። የመመለሻ ጥያቄውን ስትሞሉም ምክንያቱ ላይ «ሐሳቤን ቀየርኩ» የሚለውን አትምረጡ፣ የመላኪያውን ሊያስከፍሏችሁ ይችላሉ። «ዕቃው ከተገለጸው የተለየ ነው» የሚለውን ምረጡ።