የናንጋ ጥቅልል ሥዕል ስትገዙ፦ የታላቅ ስም ፊርማ፣ የሕትመት ቅጂ ወይስ ስሙ ያልገነነ ሠዓሊ?

«የኢኬ ታይጋ ጥቅልል ሥዕል በኢንተርኔት ጨረታ 9,000 የን ተብሏል፤ ልግዛው?» ናንጋ የሚባለውን የጃፓን የምሁራን ሥዕል የሚወዱ ጓደኞች ደጋግመው የሚጠይቁት ይህንን ነው። ተዉት። በዚያው ገንዘብ የሜይጂ ዘመን (1868–1912) ሠዓሊ በእጁ የሣለውን፣ ስሙ እምብዛም የማይነሳ ቢሆንም፣ ግዙ።

የናንጋ ታላላቅ ሠዓሊዎች ታይጋ (1723–1776) እና ዮሳ ቡሶን በ1771 አብረው የሠሩት የሥዕል አልበም ዛሬ የጃፓን ብሔራዊ ቅርስ ነው። የእነዚህ ሰዎች እውነተኛ ሥራ በጫማ ዋጋ አይሸጥም። ታኖሙራ ቺኩደንና ታኒ ቡንቾም ፎርጅድ እጅግ ከበዛባቸው ሠዓሊዎች መካከል ናቸው። ጥቅልሉ የሚቀመጥበት የእንጨት ሳጥን አሮጌ ነው ብላችሁም አትዘናጉ፤ እውነተኛ ሳጥን ውስጥ ሌላ ሥዕል መክተት የቆየ ማጭበርበሪያ ነው። ሥዕሉ የሚጠቀለልበት ዘንግ ርዝመት ሳጥኑ ውስጥ ካሉት ማረፊያዎች ጋር ልክ ካልገጠመ፣ ሥዕሉና ሳጥኑ አብረው ያልተሠሩ ሊሆኑ ይችላሉ።

አንድ ነገር ግን ከፎርጅድ ጋር አይምታታባችሁ። ናንጋ የተወለደው ከመቅዳት ነው። የቻይናው ዶንግ ቺቻንግ ሠዓሊዎችን «ሰሜን» እና «ደቡብ» ብሎ ከፍሎ፣ ለእንጀራ ሳይሆን ለመንፈሳቸው የሚሥሉትን ምሁራን ከደቡብ ወገን አድርጎ አከበራቸው። የኤዶ ዘመን (1603–1868) ጃፓናውያን ወደ ቻይና መሄድ ስለተከለከሉ ይህን ጥበብ በአብዛኛው የተማሩት በናጋሳኪ ወደብ ከገቡ ሥዕሎችና በእንጨት ማኅተም ከታተሙ መጻሕፍት ነው። ዋነኛው በ1679 መታተም የጀመረው «የሰናፍጭ ቅንጣት የአትክልት ስፍራ» የተባለው መማሪያ ነበር። ስለዚህ በሥዕሉ ጥግ «በእገሌ አኳኋን» ተብሎ የቻይና ሊቅ ስም ቢጻፍ የአክብሮት ልማድ ነው። ሐሰት የሚሆነው ሥዕሉን ያልሣለ ሠዓሊ ፊርማና ማኅተም ተመስሎ ሲቀመጥበት ነው።

የሜይጂ ናንጋ የረከሰው ጥራቱ ወርዶ አይደለም። ሠዓሊው በዝቶ ነበር፣ በላዩ የተጻፈውን የቻይንኛ ግጥም የሚያነብ ገዢ አነሰ፤ በጃፓን ያስተምር የነበረው አሜሪካዊው ምሁር ፌኖሎሳም በ1882 ባደረገው ንግግር ይህን ሥዕል ክፉኛ አጣጥሎታል። ዛሬ ደህና የእጅ ሥራ ከ3,000 እስከ 15,000 የን ባለው መካከል ይገኛል። የመላኪያው ዋጋ ከሥዕሉ ሊበልጥ ስለሚችል ከመጫረታችሁ በፊት ደምሩት።

የሕትመት ቅጂ ክፉ አይደለም፤ ክፋቱ በእጅ ሥራ ዋጋ ሲሸጥ ነው። በሻጩ ማብራሪያ «ኒኩሂትሱ» ካለ በእጅ የተሣለ ማለት ነው፤ «ኮጌይ» ወይም «ኢንሳትሱ» ሕትመት፣ «ሞሻ» በእጅ የተቀዳ፣ «ደን» ደግሞ «የእገሌ ነው ይባላል» ማለት ነው። ሻጩ ዝም ካለ አሥር እጥፍ በሚያጎላ መነጽር የተነሳ ፎቶ ጠይቁ። የሰማያዊ፣ የቀይና የቢጫ ነጥቦች ከታዩ የማሽን ሕትመት ነው። ኮሎታይፕ የተባለው የቆየ የፎቶ ሕትመት ዘዴ ግን ነጥብ የለውም፤ የሚታየው ደቃቅ፣ የተጠማዘዘ ቅንጣት ነው። አንዳንዱ ላይ ማኅተሙ በኋላ በእጅ ስለሚመታ በማኅተም ብቻ አትመኑ። በእጅ የተሣለ ተራራ ላይ አግድም የተጣሉትን የቀለም ነጥቦች ተመልከቱ፦ አንዱ እርጥብ፣ አንዱ ደረቅ፣ አንዱ ሌላው ላይ ፈስሶ ይሆናል። ቀጂ ግን ስለሚጠነቀቅ ነጥቦቹ እኩል ይወጣሉ፤ መስመሩም መነሻው ላይ ብሩሹ ስለቆመ ቀለም ያጠራቅማል።

ብዙ ሰው የሚከስረው በጥገና ነው። ባህላዊው ጥቅልል ከጀርባው የሚለጠፈው በስንዴ ስታርች ሙጫ ስለሆነ፣ ባለሙያ በውሃ አርጥቦ ፈትቶ እንደገና ይለጥፈዋል። ዋጋው ግን በአሥር ሺዎች የሚቆጠር የን ነው፤ የ5,000 የን ሥዕል ገዝቶ 60,000 ለጥገና መክፈል ይመጣል። በሙቀት በሚቀልጥ ፕላስቲክ የተለጠፈው ደግሞ ሲነኩት ደረቅ ነው፣ ቆይቶ አየር ቋጥሮ ይነፋል፤ ሲላጥም ሥዕሉን ይጎዳል። የጀርባውን ፎቶ ሳታዩ አትክፈሉ። በሐር ላይ ከተሣለው ይልቅ በወረቀት ላይ የተሣለውን ምረጡ፤ ያረጀ ሐር እጥፋቱ ላይ ይሰነጠቃል፣ ቀለሙም ይረግፋል። ጥቂት ቡናማ ነጠብጣብ ካለበት ግን እንዳለ ተዉት፤ ማጠቢያው ከሥዕሉ ይወደዳል።

የዘንጉ ጫፍ ከዝሆን ጥርስ የተሠራ ከሆነ ጉምሩክ ጥቅልሉን ሊይዘው ይችላል። ሻጩ ከመላኩ በፊት በእንጨት ወይም በሸክላ እንዲተካላችሁ ጠይቁ፤ እምቢ ካለ ሌላ ሥዕል ፈልጉ።